ኖታ ከማውረዳችሁ በፊት፦ የመሣሪያ ዝርዝሩን እንዴት ታነባላችሁ?

ዛሬ ለሙዚቃ ልጆች፣ በተለይ አራት አምስት ሆናችሁ ለምትለማመዱ የሚሆን ጽሑፍ ይዘን መጥተናል። ረዘም ይላል፤ ሴቭ አድርጋችሁ አስቀምጡትና ኖታ በፈለጋችሁ ቁጥር ተመለሱበት።

ነገሩ እንዲህ ነው። ኢንተርኔት ላይ ለአነስተኛ ቡድን የተጻፈ ኖታ ሞልቷል፤ ብዙው በነፃ ይወርዳል። ከርዕሱ ሥር ግን ኖታው ለማን እንደተጻፈ የምትናገር አንዲት መስመር አለች። ያቺ መስመር የመሣሪያ ዝርዝር ናት። ሳያነቧት የወረደ ኖታ ወይ ዳታና ብር ይበላል፣ ወይ ልምምድ ላይ አንዱን ልጅ ያለ ድርሻ ቁጭ ያደርገዋል።

እንደ እንጅባራ ባለ ከተማ ደግሞ «አንድ ቼሎ የሚጫወት ልጅ እንጨምር» ማለት ቀላል አይደለም። ያለን ሰው ያለን ነው። ስለዚህ ኖታው ለሰዎቹ ይመረጣል እንጂ ሰዎቹ ለኖታው ተብለው አይቀነሱም።

📌 1. መጀመሪያ የራሳችሁን ዝርዝር ጻፉ

ከመፈለጋችሁ በፊት ስልካችሁ ላይ አራት ነገር መዝግቡ።

👉 ስንት ሰው አለ? (ስንት መሣሪያ አላልንም፤ ስንት ሰው!)
👉 እያንዳንዱ ምን ይጫወታል? ሁለት መሣሪያ የሚችል አለ?
👉 ኖታ የሚያነበው ማነው? በጆሮው የሚይዘውስ?
👉 ከሁሉም ዝቅ ያለውን ድምፅ (ቤዙን) የሚይዘው ማነው?

የመጨረሻዋን ጥያቄ ብዙ ሰው ይዘላታል። ሦስት ዜማ ተጫዋች ኖሮ ቤዝ የሚይዝ ከሌለ የትኛውም ኖታ ባዶ ባዶ ይላል።

ምሳሌ እንያዝ። እንጅባራ ውስጥ አምስት ልጆች አሉ እንበል፦ ኪቦርድ፣ ቫዮሊን፣ አልቶ ሳክስፎን፣ ዋሽንትና ከበሮ። ይህን ቡድን እስከ መጨረሻው ይዘነው እንሄዳለን።

📌 2. ስሙ ያታልላል

«ትሪዮ» ሦስት፣ «ኳርቴት» አራት፣ «ኩዊንቴት» አምስት ተጫዋች ማለት ነው። እዚህ ድረስ ቀላል ነው። ከፊቱ የመሣሪያ ስም ሲመጣ ግን ነገሩ ይለወጣል።

«ፒያኖ ትሪዮ» ሦስት ፒያኖ አይደለም። አንድ ፒያኖ፣ አንድ ቫዮሊንና አንድ ቼሎ ነው። «ፒያኖ ኳርቴት» ደግሞ ፒያኖ፣ ቫዮሊን፣ ቪዮላና ቼሎ። «ክላርኔት ኩዊንቴት» ሲባልም አምስት ክላርኔት አትጠብቁ፤ በተለምዶ አንድ ክላርኔት ከአራት ባለ አውታር መሣሪያዎች ጋር ነው። ሞዛርት በ1789 እ.ኤ.አ የጻፈው ዝነኛው ክላርኔት ኩዊንቴት እንዲህ ያለ ነው።

«ሳክስፎን ኳርቴት» ላይ ግን ሕጉ ይገለበጣል። እሱ እውነትም አራት ሳክስፎን ነው፦ ሶፕራኖ፣ አልቶ፣ ቴነርና ባሪቶን። «ፍሉት ኳርቴት» የባሰ ነው፤ አንዳንዱ አራት ፍሉት ነው፣ አንዳንዱ (የሞዛርቶቹን ጨምሮ) አንድ ፍሉት ከቫዮሊን፣ ከቪዮላና ከቼሎ ጋር።

በብዛት የምታገኟቸው እነዚህ ናቸው፦

👉 ስትሪንግ ኳርቴት፦ 2 ቫዮሊን፣ 1 ቪዮላ፣ 1 ቼሎ
👉 ዊንድ ኩዊንቴት፦ ፍሉት፣ ኦቦ፣ ክላርኔት፣ ባሱን፣ ሆርን
👉 ብራስ ኩዊንቴት፦ 2 ትራምፔት፣ ሆርን፣ ትሮምቦን፣ ቱባ
👉 ፒያኖ ኩዊንቴት፦ ፒያኖና ስትሪንግ ኳርቴት

የመጨረሻው ላይም ቢሆን አትተማመኑ። ሹበርት በ1819 እ.ኤ.አ የጻፈው «ትራውት» የሚባለው ኩዊንቴት ፒያኖ፣ ቫዮሊን፣ ቪዮላ፣ ቼሎና ደብል ቤዝ ነው፤ ሁለተኛ ቫዮሊን የለውም። የብራምስ «ሆርን ትሪዮ» (1865 እ.ኤ.አ) ሆርን፣ ቫዮሊንና ፒያኖ ነው። በባሮክ ዘመን የተጻፈ «ትሪዮ ሶናታ» ደግሞ ስሙ ሦስት ብሎ ብዙ ጊዜ አራት ሰው ይፈልጋል፤ ሁለቱ ዜማ ይይዛሉ፣ ሦስተኛውን የቤዝ መስመር ቼሎና ሃርፕሲኮርድ ለሁለት ይጫወቱታል።

ስለዚህ ርዕሱን አንብባችሁ አትወስኑ፤ ዝርዝሩን ክፈቱ።

📌 3. «1.1.1.1 – 1.0.0.0» ምን ማለት ነው?

ስልክ ቁጥር አይደለም! ተራው ነው ቁልፉ። የመጀመሪያዎቹ አራት ቁጥሮች የእንጨት ትንፋሽ መሣሪያዎች ናቸው፤ ሁልጊዜ በዚህ ቅደም ተከተል፦ ፍሉት፣ ኦቦ፣ ክላርኔት፣ ባሱን። ከሰረዙ በኋላ ያሉት አራቱ የነሐስ ናቸው፦ ሆርን፣ ትራምፔት፣ ትሮምቦን፣ ቱባ።

አሁን ራሳችሁ አንብቡት። 1 ፍሉት፣ 1 ኦቦ፣ 1 ክላርኔት፣ 1 ባሱን፤ ከዚያ 1 ሆርን፣ ሌላ የለም። ዊንድ ኩዊንቴት ነው! «0.0.0.0 – 1.2.1.1» ቢልስ? ሆርን 1፣ ትራምፔት 2፣ ትሮምቦን 1፣ ቱባ 1፤ ብራስ ኩዊንቴት።

ከቁጥር ጎን ቅንፍ ካለ አስተውሉ። «2 (2ኛው ፒኮሎ)» ማለት ሁለት ፍሉት ተጫዋች አለ፣ ሁለተኛው መሀል ላይ ፍሉቱን አስቀምጦ ፒኮሎ ያነሳል ማለት ነው። ሰው ሁለት፣ መሣሪያ ሦስት። «ፐርከሽን (1 ተጫዋች)» ሲል ደግሞ አንድ ሰው ብዙ ዓይነት ከበሮና ጸናጽል ይመታል ማለት ነው።

📌 4. የሚምታቱ አህጽሮቶችና ስሞች

ኖታ ከጀርመንም ከጣሊያንም ስለሚመጣ ስሞቹ ይለያያሉ። በብዛት የሚያሳስቱት እነዚህ ናቸው፦

👉 «ቪ-ኤን» ቫዮሊን፣ «ቪ-ኤ» ቪዮላ፣ «ቪ-ሲ» ቼሎ
👉 «ኤች-ኤን» ሆርን ነው፤ «ኤች-ፒ» ግን ሃርፕ
👉 «ቲ-ቢ-ኤን» ትሮምቦን፤ «ቲ-ቢ-ኤ» ቱባ
👉 «ፒ-ኤፍ» ፒያኖ
👉 «ትሮምባ» በጣሊያንኛ ትራምፔት ነው፤ ትሮምቦን እንዳይመስላችሁ
👉 «ፋጎት» ባሱን ነው
👉 «ብራትሼ» በጀርመንኛ ቪዮላ ነው

አንድ ተጨማሪ ወጥመድ አለ። ጀርመኖች «ቢ» ሲሉ ቢ ፍላት ማለታቸው ነው፤ ተራዋን ቢ «ኤች» ነው የሚሏት። ስለዚህ የጀርመን ኖታ ላይ «ክላርኔት በቢ» የሚለው የተለመደው የቢ ፍላት ክላርኔት ነው።

📌 5. «በቢ ፍላት»፣ «በኢ ፍላት»፦ ዋሽንት ያውቀዋል

ብዙ ልምምድ የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው። የቫዮሊኑን ኖታ ለሳክስፎኑ ትሰጡታላችሁ፣ ሁለቱም በትክክል ያነባሉ፣ የሚሰማው ግን ጆሮ ያሳምማል። ማንም አልተሳሳተም። ፓርቱ ነው የተሳሳተው።

ዋሽንት የሚነፋ ሰው ይህን ሳይነገረው ያውቀዋል። ዋሽንት ነፊ ብዙ ጊዜ ረጅምና አጭር ዋሽንቶችን ይዞ ነው የሚሄደው። ጣቶቹ በሁሉም ላይ አንድ ዓይነት ይንቀሳቀሳሉ፤ የሚወጣው ድምፅ ግን እንደ ዋሽንቱ ርዝመት ይወርዳል ወይም ይወጣል። ዘፋኙ ድምፁ ሲከብደው ነፊው ጣቱን አይቀይርም፤ ዋሽንቱን ይቀይራል።

ክላርኔትና ሳክስፎንም እንዲሁ ናቸው። ጣቱ እንዳይቀየር ተብሎ ኖታው ይቀየርላቸዋል። «በቢ ፍላት» ማለት ተጫዋቹ ዶ ተብሎ የተጻፈውን ሲነፋ የፒያኖው ቢ ፍላት ይወጣል ማለት ነው። «በኢ ፍላት» ከሆነ የፒያኖው ኢ ፍላት ይወጣል።

በሥራ ላይ ሲውል እንዲህ ነው፦

👉 በዶ (ሳይቀየር የሚያነቡ)፦ ፒያኖ፣ ኪቦርድ፣ ቫዮሊን፣ ቼሎ፣ ፍሉት፣ ኦቦ
👉 በቢ ፍላት፦ የተለመደው ክላርኔት፣ ትራምፔት፣ ሶፕራኖና ቴነር ሳክስ። ኪቦርዱ ዶ ሜጀር ሲጫወት እነሱ ሬ ሜጀር ይጻፍላቸዋል
👉 በኢ ፍላት፦ አልቶና ባሪቶን ሳክስ። ኪቦርዱ ዶ ሜጀር ሲሆን ላ ሜጀር ይጻፍላቸዋል
👉 በኤፍ፦ ሆርን። ለዶ ሜጀር ሶል ሜጀር ይጻፍለታል

አንድ ምክር እንጨምር። ዝርዝሩ «ሳክስፎን» ብቻ ካለ አትግዙ፤ የትኛው ሳክስ እንደሆነ እስክታዩ ጠብቁ። የአልቶና የቴነር ፓርት አይለዋወጥም።

📌 6. «ወይም»፣ «አማራጭ»፣ «አድ ሊቢቱም»

ለትንሽ ቡድን ትልቁ ተስፋ እነዚህ ቃላት ውስጥ ነው።

«ቫዮሊን ወይም ፍሉት» ካለ አንዱ ይበቃል። «አማራጭ» ወይም «አድ ሊቢቱም» የተባለ መሣሪያ ቢቀርም ሙዚቃው አይፈርስም። ዘንባባ መስመር (/) ግን ሁለት ትርጉም አለው። አንዳንዱ «ወይም» ማለቱ ነው፤ አንዳንዱ ደግሞ «አንድ ሰው ሁለቱንም ይጫወታል» ማለቱ ነው። ካልገባችሁ የኖታውን የመጀመሪያ ገጽ ክፈቱ፤ አብዛኛውን ጊዜ እዚያ ተብራርቷል።

«ፍሌክስ» ወይም «ተለዋዋጭ» የሚሉ ኖታዎችም አሉ። እነዚህ በመሣሪያ ስም ፋንታ «ፓርት 1፣ ፓርት 2፣ ፓርት 3፣ ፓርት 4» ይላሉ፤ እያንዳንዱ ፓርት በዶም፣ በቢ ፍላትም፣ በኢ ፍላትም ተዘጋጅቶ ይመጣል። መሣሪያው ለተዘበራረቀ ቡድን እንዲህ ያለው ነው የሚሻለው።

የእንጅባራ አምስት ልጆቻችን ፒያኖ ትሪዮ ቢያገኙስ? ኪቦርድና ቫዮሊን አለ፤ ቼሎ የለም። አልቶ ሳክሱ ቼሎውን ይያዝ? ፓርቱን ለኢ ፍላት መጻፍ ይቻላል። ግን ቼሎ ከመካከለኛው ዶ በታች ሁለት ኦክታቭ ይወርዳል፤ አልቶ ሳክስ አንድ ኦክታቭ እንኳ አይሞላም። ስለዚህ ዝቅ ያለውን ለኪቦርዱ ግራ እጅ ሰጥቶ፣ ቼሎው ከፍ ብሎ የሚያዜምበትን ብቻ ለሳክሱ መተው ነው።

📌 7. ስኮር ነው ወይስ ፓርት?

«ስኮር» ሁሉም መሣሪያዎች አንድ ገጽ ላይ ተደራርበው የሚታዩበት ነው። «ፓርት» ደግሞ የእያንዳንዱ ተጫዋች የራሱ ገጽ ነው። አንዳንድ ሻጭ «ስኮር ብቻ» ይላል፤ እሱን ብትገዙ ልጆቹ ፊት የሚቀመጥ ነገር የላችሁም። የምትፈልጉት «ስኮርና ፓርቶች» የሚለውን ነው።

«ቫዮሊንና ፒያኖ» የሚለውም ያሳስታል። አንዳንዱ እውነትም ለሁለቱ የተጻፈ ነው፤ አንዳንዱ ግን ኮንቸርቶ ነው፤ የኦርኬስትራው ድርሻ ለልምምድ እንዲመች በፒያኖ ተጨምቋል። «ሪዳክሽን» የሚል ቃል ካያችሁ እሱ ነው።

በነፃ ለማውረድ በ2006 እ.ኤ.አ የተከፈተው አይ-ኤም-ኤስ-ኤል-ፒ (የፔትሩቺ ላይብረሪ) ትልቁ ነው። እያንዳንዱ ሥራ ገጹ ላይ የመሣሪያ ዝርዝር፣ የስኮር ክፍል፣ የፓርቶች ክፍልና ሌሎች ሰዎች ለሌላ መሣሪያ ያቀናበሩት ክፍል አለው። የመጨረሻውን ክፍል አትዝለሉት፤ ኦሪጅናሉ ባይሆናችሁ ቅንብሩ ሊሆን ይችላል። ፋይሎቹ ስካን ስለሆኑ ከባድ ይሆናሉ፤ መጠኑን አይታችሁ፣ ኔት ደህና ሲሆን አውርዱ።

ፒ-ዲ-ኤፍ ኖታ ግን በራሱ ቶን አይቀይርም። ወደ ቢ ፍላት ወይም ኢ ፍላት ለመቀየር ኮምፒውተር ላይ በነፃ የሚጫነውን ሚዩዝስኮር ተጠቅማችሁ ኖታውን እንደገና መጻፍ አለባችሁ። የአንድ ገጽ ዜማ ብዙ አያስቸግርም።

📌 8. የኛ መሣሪያዎች ዝርዝሩ ውስጥ የት አሉ?

እውነቱን እንነጋገር። ከውጭ የሚመጣ ዝርዝር ላይ «ማሲንቆ» የሚል አታገኙም። ስለዚህ የማንን ፓርት ማን ይውሰድ የሚለውን እኛው ነን የምንወስነው።

🔹 ዋሽንት፦ ብዙውን ጊዜ አራት ቀዳዳ ያለው፣ በአምስት ድምፅ ቅኝት የሚሄድ ነው። የፍሉት ፓርት ስላያችሁ አትስጡት። ፓርቱ ግማሽ ድምፅ እየዘለለ የሚሄድ ከሆነ አይሆነውም። በትዝታ፣ በባቲ፣ በአምባሰል ወይም በአንቺሆዬ ቅኝት የሚሄድ ዜማ ሲሆን ግን ማንም አይደርስበትም።

🔹 ማሲንቆ፦ አንድ አውታር፣ የጣት ገደብ የሌለው። የቫዮሊን ዜማ መያዝ ይችላል። ሁለት ድምፅ በአንድ ጊዜ የተጻፈበት ቦታ ግን ለእሱ አይደለም። አውታሩ ከፈረስ ጭራ ነው የሚሠራው፤ ጥር 23 በፈረሰኞቹ በዓል የሚደምቀው አዊ ለዚህ እንግዳ አይደለም!

🔹 ክራር፦ አምስት ወይም ስድስት አውታር። ከመጫወት በፊት በአንድ ቅኝት ይቃኛል። ኖታው መሀል ላይ ቅኝት የሚቀይር ከሆነ፣ አውታሩን ለመቃኘት የሚሆን ዕረፍት መኖሩን እዩ።

🔹 እምቢልታ፦ ይሄ እውነተኛ የኛ ትሪዮ ነው። ቀዳዳ የለውም፤ አንዱ ነፊ አንድ ወይም ሁለት ድምፅ ብቻ ነው የሚያወጣው፤ ዜማው የሚሠራው ብዙ ጊዜ ሦስት ነፊዎች ሲቀባበሉ ነው። አንዱ ቢቀር ዜማው ቀዳዳ ይኖረዋል። «አማራጭ» የሚባል ነገር እዚህ የለም።

የኛን መሣሪያዎች አንድ ላይ አሰልፎ ማጫወት አዲስ ሐሳብ አይደለም። በ1963 እ.ኤ.አ በግብፃዊው የሙዚቃ ደራሲ ሐሊም ኤል ዳብህ ተነሳሽነት የተቋቋመውና በኋላ ተስፋዬ ለማ የመራው ኦርኬስትራ ኢትዮጵያ ክራር፣ ማሲንቆ፣ ዋሽንት፣ በገና፣ እምቢልታና ከበሮን በአንድ መድረክ አገናኝቷል። የቅዱስ ያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤት መሥራች ዳይሬክተር የነበሩት አሸናፊ ከበደ ደግሞ «ኮቱራዢያ» የተባለውን ሥራቸውን ለፍሉት፣ ለክላርኔት፣ ለቫዮሊንና ለጃፓኑ ኮቶ ጽፈዋል። ዝርዝሩን ብቻ አንብባችሁ ሰውየው ምን እንዳሰቡ ይገባችኋል፦ የሁለት ዓለም መሣሪያ በአንድ ኳርቴት።

በእጅ ባለው መጻፍም ውርደት አይደለም። ፈረንሳዊው ኦሊቪየ መሲየን በጀርመን የጦር ምርኮኞች ካምፕ ውስጥ እያለ አብረውት የነበሩት ሙዚቀኞች ክላርኔት፣ ቫዮሊንና ቼሎ ተጫዋቾች ነበሩ፤ እሱ ፒያኖውን ያዘ። ጥር 1941 እ.ኤ.አ እዚያው ካምፑ ውስጥ የቀረበው ያ ኳርቴት ዛሬም በመላው ዓለም ይጫወታል። የመሣሪያ ዝርዝሩ የተወሰነው በነበሩት ሰዎች ነው።

📌 9. የራሳችሁን ሥራ ስትጽፉ

የአዊ ባህላዊ ዜማዎች ብዙዎቹ ያሉት በሰው ጆሮና በስልክ ቅጂ ነው። አንዱን በኖታ ጽፋችሁ ዝርዝሩን በትክክል ካስቀመጣችሁ፣ ባሕር ዳርም አዲስ አበባም ያለ ቡድን ሳይደውልላችሁ ሊጫወተው ይችላል። ዝርዝር የሌለው ኖታ ግን ለጻፈው ሰው ብቻ ነው የሚገባው።

ስለዚህ «ዋሽንት፣ ክራር፣ ከበሮ» ብላችሁ አታቁሙ። እንዲህ ጻፉ፦

«ዋሽንት (መነሻ ድምፁ ሶል)፣ ክራር (6 አውታር፣ ትዝታ ሜጀር፣ መነሻ ሶል)፣ ማሲንቆ ወይም ቫዮሊን፣ ኪቦርድ፣ ከበሮ (1 ተጫዋች)፣ አልቶ ሳክስፎን በኢ ፍላት (አማራጭ)። ርዝመት፦ 4 ደቂቃ ገደማ።»

አያችሁ? ስንት ሰው፣ በምን ቅኝት፣ ማን ቢቀር ይቻላል፣ ማን በማን ይተካል፣ ሁሉም በሁለት መስመር ተነገረ። ግጥም ካለው ደግሞ በአዊኛ ይሁን በአማርኛ ጨምሩበት።

📌 10. መብቱስ?

በኢትዮጵያ የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት የደራሲው የኢኮኖሚ መብት በሕይወት ዘመኑና ከሞተ በኋላ ለ50 ዓመት ይጠበቃል። ሞዛርትና ሹበርት ነፃ ናቸው። በ2023 እ.ኤ.አ ያረፉት የእማሆይ ጽጌማርያም ገብሩ የፒያኖ ሥራዎች ግን ገና አሥርተ ዓመታት ይቀራቸዋል፤ ለቡድናችሁ አቀናብሮ በአደባባይ ለማቅረብ ፈቃድ ያስፈልጋል። በተጨማሪም ደራሲው የጥንት ሰው ቢሆንም አዲስ ቅንብር የሠራው ሰው በቅንብሩ ላይ የራሱ መብት አለው።

✅ ከማውረዳችሁ በፊት፦ ስድስት ጥያቄዎች

1. ስንት ተጫዋች ይፈልጋል? እኛ ስንት ነን?
2. ከስሙ አልፌ ዝርዝሩን አየሁ?
3. እያንዳንዱ ፓርት በዶ ነው፣ በቢ ፍላት ወይስ በኢ ፍላት?
4. የሚቀረው ወይም የሚተካው መሣሪያ የቱ ነው? ቤዙስ በማን ተያዘ?
5. ስኮርና ፓርት አብሮ አለ?
6. መብቱ ነፃ ነው?

ስድስቱም ከተመለሱ አውርዱ። አንዱ ካልተመለሰ ሌላ ፈልጉ፤ ኖታ አይጠፋም።

እናንተ ጋ ያለው ቡድን ምን ምን መሣሪያ አለው? ዝርዝራችሁን ኮሜንት ላይ ጻፉልን፤ የሚሆናችሁን ዓይነት ኖታ አብረን እንፈልጋለን። ኖታ ለሚፈልግ ጓደኛችሁም ሼር አድርጉለት።